የኮሙናላችን ቁልፍ፦ ይከራይ ወይስ ለለቅሶውና ለምጣዱ ይቆይ?

ባለሦስተኛ ፎቅ (ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ከ20)

ውድ የመድረኩ ተሳታፊዎች፣ በኮንዶሚኒየም የምትኖሩ ሁሉ ልምዳችሁን እንድታካፍሉኝ የምለምንበት ጉዳይ አለኝ። የምኖረው በአዲስ አበባ ምሥራቃዊ ጫፍ ካሉት የ20/80 ሳይቶች በአንዱ ነው። በ1997 ዓ.ም. ተመዝግቤ ዕጣው ሲደርሰኝ የተረከብኩት ባለ አንድ መኝታ ቤት ነው፤ አምስት ብሎኮች ሆነን አንድ ግቢና አንድ ኮሙናል ቤት እንጋራለን፤ በድምሩ 124 አባወራዎችና እማወራዎች ነን።

ኮሙናሉ ረዘም ያለ አዳራሽ፣ ከጀርባው ሦስት የማብሰያ ክፍሎች፣ በጎኑ የልብስ ማጠቢያ ገንዳዎች፣ እንዲሁም ለበዓል ዕርድ የሚያገለግል ቦይ የወጣለት የሲሚንቶ ወለል አለው። በአዳራሹ አንድ ጥግ የዕድሩ ድንኳን፣ አግዳሚ ወንበሮች፣ ብረት ድስቶችና ትሪዎች ተቆልለውበታል። ባለፈው ወር አንድ ነጋዴ መጥቶ አዳራሹንም ክፍሎቹንም ጠቅልሎ ለሲሚንቶ ማከማቻ በወር 30,000 ብር ልከራይ የሚል ጥያቄ ለኮሚቴው አቀረበ። ኮሚቴውም ለመጪው እሑድ ስብሰባ ጠርቷል።

የቆምኩበትን ቦታ ሳልደብቅ ልናገር። እኔ የማኅበሩ የሒሳብ ተቆጣጣሪ ስለሆንኩ ደብተሩን አውቀዋለሁ። በየወሩ ከየቤቱ 200 ብር እንዲዋጣ ተወስኗል፤ ሁሉም ቢከፍል 24,800 ብር በሆነ ነበር፤ በተጨባጭ የሚገባው ግን ከ15,000 ብር እምብዛም አያልፍም። እሱም ለሦስቱ ጥበቃዎች ደመወዝ ተከፍሎ ያልቃል። ጥር ላይ ውሃ የሚገፋልን ሞተር በተቃጠለ ጊዜ ማሠሪያ 38,000 ብር አጥተን፣ አራተኛ ፎቅ ያሉ አረጋውያን ሳይቀሩ ለአምስት ሳምንታት ውሃ በጀሪካን ሲያወጡ ከረሙ። አንድ ምሽት ሁለት ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ይዤ ስወጣ፣ ሁለተኛው ፎቅ ላይ ትንፋሼን ልሰብስብ ዐረፍ እንዳልኩ፣ የጎረቤቴ የስድስት ዓመት ልጅ ባለ 5 ሊትር የዘይት ጀሪካን በሁለት እጁ ደረቱ ላይ አቅፎ፣ ደረጃውን አንድ በአንድ እየቆጠረ ደረሰብኝ። «ስንት ደረስክ?» ብለው «ሠላሳ አንድ፤ አያናግሩኝ፣ ይጠፋብኛል» ብሎኝ አለፈ።

ስለዚህ 30,000 ብር ለእኛ እንዲሁ የሚታለፍ ገንዘብ አይደለም። በሌላ በኩል ደግሞ ያ ቤት ከተቆለፈ ለቅሶው የት ይቀመጣል፣ ቅርጫው የት ይቃረጣል የሚለው ነገር እንቅልፍ ነሥቶኛል። እናንተ የየሳይታችሁን ኮሙናል ምን አደረጋችሁት?

ኮሚቴ ነበርኩ (ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት ከ05)

ሰላም ለእርስዎ። በሌላ ሳይት ለአራት ዓመታት የማኅበር ሊቀመንበር ሆኜ ስላገለገልኩ፣ ከገንዘቡ በፊት ቤቱ የማን ነው የሚለውን እንድታጠሩ እመክራለሁ። በጋራ ሕንፃ ቤት ባለቤትነት አዋጅ ቁጥር 370/1995 መሠረት የጋራ መጠቀሚያዎች የቤት ባለቤቶቹ ሁሉ የጋራ ሀብት ናቸው፤ ማኅበሩ ያስተዳድራል፣ ኮሚቴው ደግሞ የማኅበሩ ሠራተኛ ነው። አምስት ሰው በአንድ ማኪያቶ ዙሪያ ተቀምጦ የሚፈርመው ውል የ124 ሰው ቤት ላይ መሆኑን ልብ በሉ። መተዳደሪያ ደንባችሁን አውጡና ለእንዲህ ያለ ውሳኔ ስንት ሰው መገኘት እንዳለበት በእርጋታ አንብቡ። ደንቡን ፈልጋችሁ ካጣችሁት ብቻችሁን አይደላችሁም፤ የእኛ ደንብ ከሌላ ሳይት ተገልብጦ ስለነበር አራተኛው ገጽ ላይ የዚያው ሳይት ስም ሳይፋቅ ቀርቶ፣ ለዓመታት በሰው ሳይት ስም ስንተዳደር ኖረናል።

እኛ ኮሙናሉን ለመዋዕለ ሕፃናት አከራየነው። የመጀመሪያው ዓመት መልካም ነበር፤ ጠዋት ጠዋት የልጆቹ መዝሙር ደስ ያሰኝ ነበር፤ ኪራዩም በጊዜው ይገባ ነበር። በሦስተኛው ዓመት ቤቱን ለራሳችን ስንፈልገው ግን ተከራዩ ግድግዳ ከፍያለሁ፣ ሴራሚክ አንጥፌያለሁ፣ ያወጣሁት ይመለስልኝ አለ። ነገሩ ፍርድ ቤት ደርሶ ከዓመት በላይ ፈጀ። በዚያ መካከል ሦስት ለቅሶ በክረምት፣ ከሁለት ብሎኮች መካከል በተወጠረ ሸራ ሥር ተቀምጠናል። ሸራው ውሃ ሲቋጥር አንድ ሰው በመጥረጊያ እንጨት ወደ ላይ ይገፋዋል፤ ውሃው ደግሞ ዘወትር የሚፈሰው ዘግይቶ የመጣው ለቀስተኛ ላይ ነበር።

የግድ ካከራያችሁ ውሉ ከአንድ ዓመት አይለፍ፤ በቤቱ ላይ ምንም ዓይነት ግንባታ እንዳይካሄድ በጽሑፍ አስፍሩ።

እንጀራ እናት (ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ከ40)

አስቀድሜ፣ ስሜን አይታችሁ ክፉ አትጠርጥሩ፤ የሰው ልጅ አላሳድግም፣ የምጋግረው እንጀራ ነው።

በእኛ ሳይት ኮሙናል ውስጥ አራት ሴቶች ሆነን በተራ እንጋግራለን። ስለ ኮሙናል የሚከራከሩት በአብዛኛው ወንዶች ስለሆኑ፣ ለቅሶና ስብሰባ እንጂ ምጣድ ትዝ አይላቸውምና እኔ ላስታውስ። የምኖረው ስቱዲዮ ውስጥ ነው፤ አልጋዬ፣ ምድጃዬና የልጄ የጥናት ጠረጴዛ አንድ ክፍል ውስጥ ናቸው። እዚያ ውስጥ 40 እንጀራ ሲጋገር አክንባሎው በተነሣ ቁጥር እንፋሎቱ ጣሪያው ላይ ይለጠፋል፤ በሁለተኛው ክረምት ግድግዳዬ ጥቁር ሻጋታ አወጣ፤ የልጄም ሳል የተጀመረው በዚያው ጊዜ ነው። የኤሌክትሪክ ምጣድ ደግሞ ከ3 ኪሎ ዋት በላይ የሚወስድ ስለሆነ፣ ቅዳሜ ማታ ሦስት ቤት ምጣዱን እኩል ሲሰካ መስመሩ ይወድቅና የአንዱ ፊልም፣ የአንዱ ስልክ፣ የእኔም ግማሽ የበሰለ እንጀራ አብሮ ይቀራል። ግማሽ የበሰለ እንጀራ ዓይኑን ሳያወጣ ይደርቃል፤ ዳግም ቢሞቅም እንጀራ አይሆንም፤ ለዶሮ ነው የሚሰጠው፤ ዶሮ ደግሞ በኮንዶሚኒየም የለም።

በኮሙናሉ ግን ጣሪያው ከፍ ያለ፣ መስኮቱ ሰፊ ነው። ሐሙስ የቦካው ሊጥ ቅዳሜ አብሲት ተጥሎለት ኩፍ ሲል፣ አንዷ ስትጋግር አንዷ ትሪ ታጥባለች፤ የአራታችን ልጆች አዳራሹ ውስጥ የቤት ሥራቸውን ይሠራሉ። ያንን ቤት ለሲሚንቶ ማከማቻ የሚሰጥ ሰው ቅዳሜ ቤቴ መጥቶ አንድ ሰዓት ይቀመጥ።

ብሎክ 41 (ረቡዕ፣ ከቀኑ 6 ሰዓት ከ50)

ሁላችሁንም አከብራለሁ፤ ነገር ግን እስካሁን የተጻፈው ኮሙናሉ ክፍት ለሆነላቸው ሰዎች ነው። እኔ ከቤት የምወጣው ከንጋቱ 11 ሰዓት ተኩል ነው፤ የታክሲ ሰልፉ ሳይረዝም ካልደረስኩ ሥራዬ ላይ አልደርስምና። የምመለሰው ከምሽቱ 2 ሰዓት በኋላ ነው። በሰባት ዓመት ውስጥ ኮሙናላችን ተከፍቶ ያየሁት በጣት በሚቆጠሩ ቀናት ነው። ቁልፉ አንድ ሰው እጅ ነው፤ ያ ሰው ዘመድ ጥየቃ ሲሄድ ቁልፉም አብሮ ይሄዳል። እኅቴ ልጇን ክርስትና ባስነሣችበት ጊዜ አዳራሹን ብንጠይቅ፣ የዕድር ዕቃ አለበት ተብለን ሌላ ቦታ ተከራየን። ስለዚህ «የጋራችን» ሲባል ስሰማ የማን የጋራ እንደሆነ ለመጠየቅ እገደዳለሁ።

እንጀራ የሚጋግሩትን እናት ሳላስቀይም አንድ ነገር ልጠይቅ። እንጀራው ለሽያጭ ከሆነ፣ የኮሙናሉን ውሃና መብራት የሚከፍለው ማን ነው? ነጋዴው ኪራይ ሲከፍል ስግብግብ የሚባል ከሆነ፣ ሳይከፍል የሚነግድስ ምን ይባላል? ከወርኃዊ መዋጮዬ ላይ የማገኘው ነገር በደረጃዬ ላይ የሚበራ አምፖል፣ በቧንቧዬ የሚወርድ ውሃና በሌሊት ንቁ የሆነ ጥበቃ ቢሆን እመርጣለሁ። ከ365 ቀን 300ውን ተዘግቶ የሚውል ቤት ሦስቱንም ሊከፍል የሚችል ከሆነ፣ ይከራይ ባይ ነኝ።

እንጀራ እናት (ረቡዕ፣ ከቀኑ 8 ሰዓት ከ10)

ልጄ፣ ጥያቄህ ተገቢ ነው፤ አልተቀየምኩም። ሦስቱ ምጣዶች የራሳቸው የካርድ ቆጣሪ አላቸው፤ ካርዱን የምንሞላው እኛው ነን፤ ደረሰኙም ግድግዳው ላይ በምስማር ተሰክቷል። ውሃውን በተመለከተ ግን እውነትህን ነው፤ አንከፍልም፤ ጠይቆንም የሚያውቅ የለም። ቢጠይቁን እንከፍላለን።

ተከራይዋ (ረቡዕ፣ ከምሽቱ 1 ሰዓት ከ30)

አንድ ያልተነሣ ነገር አለ። በእኔ ደረጃ ካሉት አሥር ቤቶች ውስጥ ባለቤቱ ራሱ የሚኖርበት ሦስቱ ብቻ ናቸው። ሰባታችን ተከራዮች ነን። የጥበቃውን፣ የጽዳቱንና የሞተሩን መዋጮ የምንከፍለው እኛ ነን፤ በኪራይ ውላችን ላይ «የጋራ ወጪ በተከራይ» ይላል። ስብሰባ ሲጠራ ግን ማስታወቂያው «የቤት ባለቤቶች ብቻ» ብሎ ይጀምራል። ኮሙናሉ ቢከራይ ውሳኔው አያገኘኝም፤ ባይከራይ መዋጮው ሲጨምር ግን ያገኘኛል።

በተለይ ሊታሰብበት የሚገባው የልብስ ማጠቢያው ነው። ውሃ ወደ እኛ የሚመጣው በፈረቃ፣ በሳምንት ሁለት ቀን፣ ያውም በሌሊት ነው። ከሌሊቱ 7 ሰዓት ላይ የቧንቧው ማፏጨት ሲሰማ ደረጃው ሙሉ ይነቃል፤ ባልዲ ይንኳኳል፣ ሮቶ ይሞላል፣ እኔም የልጄን የትምህርት ቤት ልብስ በስልክ መብራት አጥባለሁ። ማጠቢያ ገንዳዎቹ አጠገብ አንድ ሮቶ ቢተከልና ቀን ቀን ቢከፈት፣ ያ ቤት ከመጋዘን የበለጠ ገንዘብ ባያስገባም ከመጋዘን የበለጠ ሰው ያስተናግዳል።

ጡረተኛው ፎርማን (ሐሙስ፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት)

እነዚህን ቤቶች ከሠሩት አንዱ ስለሆንኩ ስለ ግንባታው ትንሽ እንድናገር ፍቀዱልኝ። ገርጂ ላይ ከተሠራው የሙከራ ሳይት ጀምሮ ኮሙናል ቤት በፕላኑ ውስጥ የገባው ለጌጥ አይደለም። ቤቶቹ ወጪ ለመቀነስ ተብለው ጠበው ሲታቀዱ፣ በጠባብ ቤት ውስጥ የማይሠራ ሥራ ሁሉ ወደ ኮሙናሉ ወጣ፤ ዕርድ፣ እንጀራ፣ ትልልቅ ልብስ ማጠብ፣ ድግስ። በሌላ አነጋገር የእያንዳንዳችሁ ሳሎን ጥቂት ካሬ ሜትር እዚያ ቤት ውስጥ ተቀምጦላችኋል። የውስጥ ግድግዳችሁ አግሮስቶን የሚባለው ቀላል የግድግዳ ሰሌዳ ወይም ብሎኬት መሆኑን በምስማር መትታችሁ ታውቁታላችሁ፤ እንፋሎትና ጢስ እንዲችል ታስቦ የተሠራ ቤት አይደለም።

አሁን ወደ ባለሦስተኛ ፎቅ ልመለስ። ወንድሜ፣ ሞተራችሁ የተቃጠለው በዕድሜ አይመስለኝም። ውሃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰፈር የምድሩ ጋን ባዶ ሲሆን ሞተሩ ደረቁን ይዞራል፤ የሚያቀዘቅዘው ውሃ ስለሌለ ይግልና የውስጥ ሽቦው ጥቅል ይነድዳል። መፍትሔው ጋኑ ውስጥ የሚንሳፈፍ፣ ውሃው ሲጎድል ሞተሩን ራሱ የሚያጠፋ ማብሪያ ነው። ዋጋው ለጥገናው ካወጣችሁት ጋር ሲነጻጸር ምንም ማለት ነው። ማብሪያው ከሌለ፣ የነጋዴው 30,000 ብር በመጣ በዓመቱ ሌላ ሞተር ትቀብሩበታላችሁ። ጥበቃው «ማታ አጠፋዋለሁ» ካላችሁ አትመኑት፤ ክፉ ሰው ሆኖ ሳይሆን እንቅልፍ ስላለው ነው።

ስለ መጋዘኑም አንድ ነገር ልጨምር። የዕርዱ ወለል ቦይ ከፍሳሽ መስመራችሁ ጋር የተያያዘ ነው። በላዩ የሲሚንቶ ከረጢት ተቆልሎ ብናኙ ቦዩ ውስጥ ከገባና ውሃ ካገኘው ይጠነክራል፤ ያን ጊዜ የምትቆፍሩት ግቢውን በሙሉ ነው።

የሲልቨር ስፕሪንግ አበሻ (ሐሙስ፣ ከምሽቱ 5 ሰዓት ከ25)

ከሜሪላንድ ነው የምጽፈው። አዲስ አበባ ውስጥ በእናቴ ስም የደረሰ ባለ ሁለት መኝታ ኮንዶሚኒየም አለን፤ አሁን ተከራይቷል። እዚህ የምኖርበት ሕንፃም የጋራ አዳራሽ አለው። ለማንም በቋሚነት አይከራይም፤ ነገር ግን ነዋሪው ለልደት ወይም ለድግስ ሲፈልገው ለአንድ ቀን ይከፍላል፤ መያዣ ያስይዛል፤ አጽድቶ ካስረከበ መያዣው ይመለስለታል። ልጄን ክርስትና ያስነሣነው እዚያ ነው፤ ዶሮ ወጡ እንዳይሸት ብለን መስኮት ከፍተን በብርድ የተንቀጠቀጥነውን አልረሳውም። የቀን ኪራይ ነጋዴው የሚሰጠውን ያህል ባያስገባም፣ ቁልፉን ሳትሰጡ ገንዘብ የምታገኙበት መንገድ ነው።

ባለሦስተኛ ፎቅ (ሐሙስ፣ ከምሽቱ 5 ሰዓት ከ50)

ወንድሜ፣ ሐሳብዎን ወድጄዋለሁ፤ ለኮሚቴውም አቀርበዋለሁ። ክፋት ባይኖረውም ላንሣው፤ በእኛ ሳይት መዋጮ ካልከፈሉት ሃምሳ ከሚጠጉ ቤቶች ውስጥ ብዙዎቹ ባለቤታቸው ውጭ አገር ያለ ነው። ባለቤቱ ተከራዩ ይከፍላል ይላል፣ ተከራዩ ባለቤቱ ይክፈል ይላል። እርስዎ ከእነዚህ እንደማይሆኑ አምናለሁ።

የሲልቨር ስፕሪንግ አበሻ (ዓርብ፣ ከሌሊቱ 7 ሰዓት ከ15)

ተከራዬን ጠይቄ ነበር፤ የአሥራ አንድ ወር አልተከፈለም። ነገ በወንድሜ በኩል አስገባለሁ። ስላስታወሱኝ አመሰግናለሁ፤ ባያስታውሱኝም ይሻለኝ ነበር።

ቀበሌ 06 (ዓርብ፣ ከቀኑ 10 ሰዓት ከ30)

እኔ የመጣሁት ለመልሶ ማልማት ከፈረሰ የመሀል ከተማ ሰፈር ነው። እዚያ አዳራሽ የሚባል ነገር አልነበረንም፤ አያስፈልገንምም ነበር። አሥራ አንድ ቤት በአንድ በር የምንገባበት ግቢ ነበረን፤ አንድ የውሃ ቆጣሪ፣ ሁለት መጸዳጃ፣ አንድ የኮክ ዛፍ። ሰው ሲሞት ድንኳኑ መንገዱን ዘግቶ ይተከል ነበር፤ መኪና ያለው ሰው ራሱ ዞሮ ይሄዳል እንጂ አንሡልኝ አይልም። ናፍቆት እያሳሳተኝ እንዳይመስላችሁ፤ መጸዳጃው ፊት በጠዋት መሰለፍ ምን ማለት እንደሆነ የማውቀው እኔ ነኝ፤ አሁን የራሴ ሻወር ቤት በር ሲዘጋ የሚሰማኝን ደስታ ለማንም አልሸጥም።

ያጣሁት ግን ግቢውን ነው። አምስተኛ ወለል ላይ ያለች አንዲት አሮጊት ጎረቤቴ ቡና ስታፈላ የምትጠራው ሰው አጥታ፣ አቦሉን ለብቻዋ ጠጥታ ቶናውን የምትተወው በዚህ ምክንያት ነው፤ ጉልበቷ ደረጃ አያስወርዳትም፤ የእኛም ጉልበት በመንገድ አልቆ ነው የምንመጣው። የድሮው ዕድሬ አልፈረሰም፤ አባላቱ ግን ጀሞ፣ አራብሳ፣ ኮዬ ፈጬ ተበትነናል። ለቅሶ ለመድረስ ሁለት ሚኒባስና አንድ ባጃጅ ይዤ እሄዳለሁ፤ ስደርስ የምንሰባሰበው የሟቹ አዲስ ሳይት ኮሙናል ውስጥ ነው። የፈረሰው ግቢያችን አሁን ያለው በየሳይቱ ኮሙናል ውስጥ፣ በየተራው ነው። አንዱ ለመጋዘን ከተሰጠ አንዱ ግቢያችን ዳግመኛ ፈረሰ ማለት ነው።

የዕድር ጸሐፊ (ቅዳሜ፣ ከጠዋቱ 4 ሰዓት)

የቁልፉ ነገር ስለተነሣ መልስ መስጠት ግዴታዬ ነው፤ በእኛ፣ ማለትም በባለሦስተኛ ፎቅ ሳይት፣ ቁልፉን የምይዘው እኔ ነኝና። ደብተሬን ከፍቼ የአምናውን ቆጥሬዋለሁ፦ ለቅሶ 11፣ ሠርግና ምላሽ 5፣ ክርስትና 4፣ ቅርጫ በገና፣ በፋሲካና በዘመን መለወጫ፣ ዓረፋ ላይ ደግሞ የሙስሊም ጎረቤቶቻችን ዕርድ። ለቅሶው ሦስት ሦስት ቀን ስለሚቀመጥ፣ ከድግሶቹ ዝግጅት ጋር ተደምሮ 61 ቀን ተከፍቷል። ስለዚህ ብሎክ 41 «300 ቀን ዝግ ነው» ያለው ስለ ሌላ ሳይት ቢሆንም፣ ስለ እኛም ትክክል ነው። አልክድም።

ከ61 ቀኑ ግን አንዱን ልንገራችሁ። ባለፈው ዓመት ሚያዝያ ላይ አራተኛ ፎቅ የሚኖሩ አንድ አባት ዐረፉ። ቁመታቸው ረዥም ነበር። ሳጥኑ ባዶውን ወደ ላይ ሲወጣ በሁለተኛው ፎቅ መታጠፊያ ላይ አልዞር አለ፤ ወደ ግድግዳው ቢጠጋ የደረጃው ብረት ይይዘዋል፣ ቢነሣ የላይኛው እርከን ይገጨዋል። አራት ጎረምሶች ላብ በላብ ሆኑ። ልጆቻቸው ከላይ ሆነው ያያሉ። ሳጥኑን እንደ ቁም ሣጥን አቁሞ ማዞር እንደሚቻል አንዱ በሹክሹክታ ተናገረ፤ ባዶውን ይቻል ይሆናል፤ ሲመለስስ? ያን ጊዜ ሚስታቸው ወጥተው «በጋቢያቸው ይውረዱ፤ ሳጥኑ ኮሙናል ይጠብቃቸው» አሉ። ስድስት ሰው ጋቢውን ዙሪያውን ይዞ አወረዳቸው። በየፎቁ በር እየተከፈተ፣ ስማቸውን እንኳ የማያውቅ ተከራይ ሳይቀር ጫማውን አውልቆ ቆመ። ኮሙናሉ ደርሰው አግዳሚ ላይ ነጭ አንሶላ ተነጥፎ፣ ቄሱ ፍትሐት አድርሰው፣ ከዚያ ነው በክብር ሳጥናቸው ውስጥ የገቡት።

የዚያን ቀን አዳራሹ ውስጥ የሰው ሲሚንቶ ተከምሮ ቢሆን እኒያን አባት የት ላይ እናሳርፋቸው እንደነበር እስካሁን ሳስበው መልስ የለኝም።

ብሎክ 41 (ቅዳሜ፣ ከቀኑ 7 ሰዓት ከ20)

ጋሼ፣ ይህንን አላውቅም ነበር፤ ስለነገሩን አመሰግናለሁ። ሆኖም ሐሳቤን ሙሉ በሙሉ አልቀየርኩም። ለቅሶ ሲሆን መከፈቱ ልክ ነው፤ በቀሩት 304 ቀናት መዘጋቱ ልክ አይደለም። ልጆቻችን ኳስ የሚጫወቱት በቆሙ መኪናዎች መካከል ነው፤ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪዎች መብራት ፍለጋ ካፌ ይቀመጣሉ። ቁልፉ ይባዛ፤ ማን መቼ እንደወሰደው ይፈረም። ይህ ከተደረገ ይከራይ ያልኩትን ቃሌን አነሣለሁ።

የዕድር ጸሐፊ (ቅዳሜ፣ ከቀኑ 8 ሰዓት)

ቁልፉን ብቻዬን መያዝ እኔንም አድክሞኛል፤ ከሌሊቱ 9 ሰዓት የሚቀሰቀሰው እኔ ነኝና። ለማባዛት እስማማለሁ። ትሪ ከጠፋ ግን እኔን አትጠይቁኝ።

ባለሦስተኛ ፎቅ (ሰኞ፣ ከምሽቱ 2 ሰዓት ከ45)

የእሑዱን ስብሰባ ውጤት ለማሳወቅ ተመልሻለሁ። ደንባችንን ፈልገን ከአንድ የቀድሞ ኮሚቴ አባል ቁም ሣጥን አገኘነው፤ ለውሳኔ ከግማሽ በላይ የቤት ባለቤቶች መገኘት አለባቸው ይላል፤ ማለትም 63። የተገኘነው 58 ነን። ለአንድ ሰዓት ያህል ስልክ ተደወለ፤ ሁለት ሰው «ታክሲ ውስጥ ነኝ» አለ፤ አልመጡም። ስለዚህ በኪራዩ ላይ ድምፅ ሊሰጥ አልቻለም። ነጋዴው ውሳኔ መጠበቅ ሰልችቶት ሌላ ቦታ መከራየቱን ዛሬ ጠዋት ሰምተናል።

ድምፅ ባይሰጥም ዝም ብለን አልተበተንም። የጡረተኛውን ፎርማን ጽሑፍ ጮክ ብዬ አነበብኩ፤ አንድ የብሎኩ ልጅ፣ ኤሌክትሪሻን ነው፣ የጉልበት ሳያስከፍል ተንሳፋፊ ማብሪያውን ሊገጥም ተስማማ፤ ዕቃው ዛሬ ተገዝቷል። ቁልፉ ሦስት ሆኗል፤ አንዱ በዕድሩ፣ አንዱ በኮሚቴው፣ አንዱ ከመፈረሚያ ደብተር ጋር በጥበቃዎቹ ቤት ይቀመጣል። ከሰኞ እስከ ዓርብ ከ10 ሰዓት እስከ ምሽቱ 2 ሰዓት ተኩል አዳራሹ ለተማሪዎች ይከፈታል፤ አምፖሎቹን ማን እንደሚገዛ ለማወቅ ግን ሌላ ግማሽ ሰዓት ተጨቃጭቀናል።

ተከራዮችንም ጋብዘናል። አሥራ አራት መጡ፤ መናገር ተፈቀደላቸው፤ እጅ ማውጣት ግን አልተፈቀደላቸውም። ቃለ ጉባኤ የሚይዝ ሲፈለግ ከመካከላቸው አንዲት መምህርት ጽሕፈቷ የሚነበብ በመሆኑ ተመረጠች፤ እርሷም ስትጨርስ ደብተሩን እያስረከበች «የጻፍኩትን መፈረም እችላለሁን?» ብላ ጠየቀች። ሊቀመንበሩ ደንቡን ገለጥ ገለጥ አድርጎ መልስ አጣ። በመጨረሻ «ጸሐፊ» በሚለው ሥር ፈርማለች።

ለሚቀጥለው ስብሰባ የቀን ኪራይ ተመን አዘጋጅቼ እንዳቀርብ ታዝዣለሁ። በየሳይታችሁ ስንት እንደምታስከፍሉ ብትጽፉልኝ ውለታችሁን አልረሳም።

ኮሚቴ ነበርኩ (ሰኞ፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት)

ቤታችንን ካስመለስን ወዲህ እኛ ለለቅሶ አናስከፍልም። ለክርስትናና ለልደት 1,500 ብር፣ ለሠርግና ለምላሽ 3,000 ብር፤ መያዣው 2,000 ብር ነው። ለሳይቱ ነዋሪ፣ ባለቤትም ሆነ ተከራይ፣ ዋጋው አንድ ነው፤ ከውጭ ለሚመጣ እጥፍ ይሆናል። ትሪና ሹካ ሲወጣም ሲገባም ይቆጠራል፤ የጎደለው ከመያዣው ይነሣል። ምጣድ ለሚጠቀሙ ነጋዴዎች የውሃ ብለን በወር 300 ብር ተምነናል፤ ይህንን ለእንጀራ እናትም ይንገሩልኝ።

እንጀራ እናት (ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ከ30)

አንብቤዋለሁ። ለአራታችን 300 ነው ወይስ ለእያንዳንዳችን?